ከሟች ወንድም አብልጦ ስላለቀሰ ጎረቤት

ለተከበሩ ጋሽ ኪሩ
የሰፈራችን እድር ዳኛ
ዓለም ጤና

ከሁሉ አስቀድሞ የከበረ ሰላምታዬ ካሉበት ይድረስዎ። ጤናዎ እንዴት ነው? ጉልበትዎስ ተሻለዎት? የእንባን ልክ የሚያውቅ ዳኛ እንደ ልብ አይገኝምና ፈጣሪ ዕድሜዎን ያርዝምልን።

በአደባባይ መጻፌ ፍርድዎ እኛ ሰፈር ተቀብሮ እንዳይቀር፣ የመቂና የቆቃ አልቃሾችም እንዲማሩበት ብዬ ነው። ጉዳዩን ለማያውቁ፦ ጎረቤቴና የዳማ ባልንጀራዬ ሰንበታ ያረፈ ዕለት ድንኳን ገብቼ፣ ፍራሹ ላይ ተቀምጬ የልቤ እስኪደርስ አለቀስኩ። ለቅሶ ደራሹ ወንድሙ መስዬው እኔን ሲያጽናና፣ ከቡልቡላ የመጣው እውነተኛው ወንድም ምልኬሳ በር ላይ እንደ ማንም እንግዳ ንፍሮ ቀረበለት። ሐዘኔን ቀማኝ ብሎ ከሰሰኝ፤ እርስዎም ፈረዱ። ምስጋናዬ እነሆ፦

፩. «ከባለቤቱ በላይ ያወቀ ቡዳ ነው» ብለው ጥፋተኛ ስላደረጉኝ አመሰግናለሁ። የሟች ሚስት ወይዘሮ ቢሊሴ በእኔ ለቅሶ ቅር እንዳልተሰኙ ሊመሰክሩ ቢቀርቡም፣ ሐዘን ላይ ያለ ሰው በሐዘን ጉዳይ ምስክር አይሆንም ብለው መልሰዋቸዋል። ይህን ያህል ጥበብ ከየት እንዳገኙት ይገርመኛል።

፪. የምሠራው ሽንኩርት መጋዘን ስለሆነ፣ እንባዬ የሐዘን ይሁን የሽንኩርት እንዲጣራ ሸሚዜን ኮሚቴው እንዲያሸተው አዘዋል። ሲያሸት የኮሚቴው ጸሐፊ አለቀሰ። እርሱን በየትኛው ዝምድናው በነፃ እንደለቀቁት ቢያስረዱኝ ደስ ይለኛል።

፫. ከእንግዲህ ጎረቤት የሚያለቅሰው የሥጋ ዘመድ አልቅሶ ሲያበቃ ነው ብለው ደንብ አውጥተዋል። ምልኬሳ ገና ስላልጀመረ ሰፈሩ በሙሉ ወረፋ እየጠበቀ ይገኛል።

፬. በአርባው ተዝካር ደጃፉን እንዳልረግጥ ከልክለውኛል። ይህችኛዋ አላሳቀችኝም። ሰንበታ አልጋ ላይ ሲውል ያገላበጥኩት፣ ውሃ ያቀመስኩት እኔ ነበርኩ። እሱ ከሞተ ወዲህ ከሥራ ስወጣ መሄጃ የለኝም፤ አዝኛለሁ ጋሽ ኪሩ፣ በጣም አዝኛለሁ። ወንበርም እህልም ይቅርብኝ፤ ከአጥሩ ውጭ ቆሜ ስሙ ሲጠራ ልስማ።

ሐዘንን በዝምድና የማደላደሉ ሥራ እንዲቃናልዎ እየተመኘሁ፣ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እጅ እነሳለሁ።

ፍርደኛው አልቃሽዎ
ይትባረክ ወልደአማኑኤል

ማስታወሻ፦ ክፉ አይንካዎና፣ የእርስዎ ቀን ሲደርስ ደንብዎን አክብሬ ልጆችዎ አልቅሰው እስኪያበቁ እንደምጠብቅ ትናንት ነግሬያቸው ነበር። እነርሱም ጎረቤት ይጀምርልናል ብለው እንደሚጠብቁ ነገሩኝ።