ወንድሜን በማይክሮፎን ለሚተርክልን ድርጅት

ይድረስ ለተከበሩ ለሚስተር ኮርማክ ብሬናን፣
የ«ሰማያዊ አድማስ» የባሕር ዳርቻ ጉብኝት ድርጅት ሥራ አስኪያጅ

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ የእርስዎን፣ የባለቤትዎን፣ የልጆችዎን፣ እንዲሁም ምቾታቸው በማስታወቂያዎ ላይ በደማቅ ቀለም የተጻፈላቸውን የአውቶቡሶችዎን ደኅንነት በታላቅ ትሕትና እጠይቃለሁ። እኔ ደህና ነኝ። እናቴም ደህና ናት፤ ትበላለች፣ ትተኛለች፣ ዜና ትሰማለች።

ይህን ደብዳቤ በአካባቢያችን ጋዜጣ ላይ ማውጣቴ ድፍረት ሆኖ እንዳይታይብኝ እለምናለሁ። አስቀድሜ በኢሜይል ጽፌልዎ ነበር፤ በጻፍኩ ቁጥር ገና መላኬን ሳላረጋግጥ «ደስታዎ ደስታችን ነው፤ በቅርቡ ዳግም እንደምናገኝዎ እርግጠኞች ነን» የሚል መልስ ይደርሰኛል። እንዲህ ያለ ፈጣን መስተንግዶ ከዘመድም አይገኝምና ምስጋናዬ የላቀ ነው።

ስሜ ዴርቭላ ሄሊ ይባላል። ጎልዌይ ከተማ በፖስታ ቤት ሠርቼ ጡረታ የወጣሁ ሴት ነኝ፤ ዘጠናን ካለፈችው እናቴ ከወይዘሮ ኡና ጋር እኖራለሁ። የተወለድነው አውቶቡስዎ ከሰዓት በኋላ ለሩብ ሰዓት በሚቆምባት መንደር በካሪግሞር ነው። ታናሽ ወንድሜ ፊንታን እዚያው ባሕር ላይ ቀረ። አስከሬኑም አልተገኘም። ከዚያ በኋላ ቤቱን ሸጠን ወደ ከተማ ገባን፤ ይህ ከሆነ ከሠላሳ ዓመት በላይ አልፎታል። በእነዚህ ዓመታት ሁሉ እናቴ ወደዚያ እንሂድ ብላ አታውቅም፤ እኔም ጠይቄያት አላውቅም።

ባለፈው ግንቦት ግን አንድ ጠዋት ዳቦዋን ቅቤ እየቀባች «ባሕሩን ልየው» አለችኝ።

«ባሕሩ ከመስኮታችን ይታይ የለ፣ እማዬ?»

«እሱማ የከተማ ባሕር ነው። እኔ የኛን ነው ያልኩሽ።»

መኪና አልነዳም፤ ዓይኔ አይፈቅድልኝም። ወደ ካሪግሞር ይሄድ የነበረው የሕዝብ አውቶቡስ ከተቋረጠ ቆይቷል። ስለዚህ እናቴ የተወለደችበትን መንደር በእርስዎ አውቶቡስ፣ ከሩቅ አገር ከመጡ እንግዶች ጋር፣ ትኬት ቆርጣ እንድትጎበኝ ዕድል ስለሰጡን በቅድሚያ ላመሰግንዎ ይገባል።

አሁን ጥቂት አስተያየቶችን እንዳቀርብ ይፈቀድልኝ።

አንደኛ፤ በማስታወቂያዎ ላይ «ሁሉም መቀመጫዎች ባሕሩን ያያሉ» ተብሏል። የእኛ መቀመጫ ባሕሩን ያየ እንደሆነ አላውቅም፤ እኛ ግን የድንጋይ ካብና በጣም ብዙ ላሞች ነው ያየነው። አስጎብኚዎ ወጣት ታይግ «አይዟችሁ፣ ስንመለስ ጎኑ ይገለበጣል» ብሎ አጽናንቶናል። እውነቱን ነው፣ ተገልብጧል። ስንመለስ ጭጋግ ነበር።

ሁለተኛ፤ የአውቶቡሱ መጸዳጃ ቤት በእርግጥ አለ። በሩ ላይ «ለጊዜው አይሠራም» የሚል ወረቀት ተለጥፏል። ወረቀቱ ከፀሐይ ብዛት ቢጫ ሆኗል።

ሦስተኛ፤ በሹራብ መሸጫው የተሰጠን ጊዜ እጅግ የተትረፈረፈ ነበር። ማናችንም ልንገዛ ያላሰብነውን የሱፍ ኮፍያ ደጋግመን ለመለካት ችለናል። እናቴ አንዱን አገላብጣ አይታ «ይሄ በማሽን የተሠራ ነው» አለችና መልሳ አስቀመጠችው፤ ሻጯም ሰምታ ወደ ሌላ እንግዳ ዞረች። የባሕሩን ጊዜ ለሱፍ ማዋልዎ ለአካባቢው በጎች ያለዎትን ፍቅር ያሳያልና አደንቃለሁ።

አራተኛውን ለማስረዳት ትንሽ ረዘም ማለት ግድ ይሆንብኛል።

ካሪግሞር ስንቃረብ ወጣት ታይግ ማይክሮፎኑን በጣቱ መታ መታ አደረገና እንዲህ አለ፦ «ውድ እንግዶቻችን፣ አሁን በስተቀኝ በኩል የምታዩት የሰካራሙ ወሽመጥ ይባላል! እዚህ መንደር ውስጥ አንድ ቀበጥ ዓሣ አጥማጅ ነበር። አንድ ምሽት መጠጥ ቤት ውስጥ ጠጥቶ ጠጥቶ፣ ‹ደሴቷ ላይ የምትዳረዋን ቆንጆ ከሙሽራው ነጥቄ በጀልባዬ ይዣት እመጣለሁ› ብሎ ተወራረደ!»

ከኋላ አንድ ሰውዬ «ምን ጠጥቶ ነበር?» ብሎ ጮኸ።

«ያገኘውን ሁሉ፣ ጌታዬ!»

አውቶቡሱ ሳቀ። ታይግም ጨረቃ ሙሉ ስትሆን ሰካራሙ ከባሕሩ ሥር ሲዘፍን እንደሚሰማ ነገረን፤ ማይክሮፎኑን ወደ አፉ አስጠግቶም «ዉዉዉዉ» አለ። ይህን ሲያደርግ ፊቱ ላይ ክፋት አልነበረም። ሥራውን የሚወድ ልጅ ነው።

ክቡር ሆይ፣ በዚያ ወሽመጥ ከአንድ ሰው በቀር ሰጥሞ የቀረ የለም። ያ ሰው ወንድሜ ነው። ፊንታን መጠጥ አይቀምስም ነበር፤ ላለመጠጣት ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ቃል የገቡ ሰዎች የሚያደርጓትን ትንሽ የደረት ምልክት በሥራ ልብሱ ላይ እንኳ ሳይቀር ይሰካ ነበር። ሴት ልጅ ስታናግረው ጆሮው ይቀላ ስለነበር ከሙሽራ ነጥቆ ማምጣቱ ቀርቶ ሰላም ማለቱም ያስቸግረው ነበር። የወጣው በጠዋት ነው። ጎረቤታችን ማቲ እግሩን ተሰብሮ ተኝቶ ስለነበር የማቲን የሸርጣን ወጥመዶች ሊያወጣለት ነው የሄደው። አየሩ ደህና ነበር፤ በኋላ ተለወጠ። ሌላ ታሪክ የለውም። ወሽመጡንም እኛ «ታችኛው» ነበር የምንለው።

እናቴን አየኋት። የከረሜላ ወረቀት እየፈታች ነበር።

«ስለ ማን ነው የሚያወራው?» አለችኝ።

«ስለ ድሮ ሰው ነው፣ እማዬ።»

ከረሜላውን አፏ ውስጥ ከተተች። «ስለ ፊንታን ነው» አለች፤ መስኮቱን ዝጊልኝ በምትልበት ድምፅ።

እዚህ ላይ እንደ ተናደድኩ፣ እንዳለቀስኩ ወይም እንደ ተንቀጠቀጥኩ ብጽፍ ደብዳቤዬ ባማረ ነበር። ግን አንዳቸውም አልሆኑም። ከመስኮቱ በላይ፣ አደጋ ሲደርስ መስታወት እንዴት እንደሚሰበር የሚያስረዳ ጽሑፍ አለ፤ እሱን አነበብኩ። ጨርሼ እንደገና አነበብኩ። በጣም ግልጽ የሆነ ጽሑፍ ነው፤ ያዘጋጀውን ሰው ያመስግኑልኝ።

ከዚያ አውቶቡሱ ቆመ። የእናቴ እርምጃ አጭር ስለሆነ በሩብ ሰዓት ውስጥ የደረስነው ከባሕሩ ፊት ለፊት እስካለው የድንጋይ አጥር ድረስ ብቻ ነው። ድንጋዩን ተደግፋ ቆመች። ባሕሩ ጸጥ ብሏል፤ እንግዶቹ በየተራ ፎቶ ይነሣሉ፤ አንድ ሁለቱም «ዉዉዉ» እያሉ ይሳሳቃሉ። ታለቅሳለች ብዬ ክንዷን ያዝኩ።

«የማቲን ቤት ጣራ ቀየሩት» አለች። ከዚያ በኋላ የአውቶቡሱ ክላክስ ተነፋ።

ወደ ውስጥ ስንገባ ታይግ «ለዘገዩት ወይዛዝርት ሞቅ ያለ ጭብጨባ!» አለ፤ ተጨበጨበልን። እኔ ወደ መቀመጫችን አለፍኩ። እናቴ ግን እሱ ዘንድ ቆመች።

«አንተ ልጅ፣ እስቲ ያንን ነገር ስጠኝ።»

«ማይክሮፎኑን ነው፣ እማማ? ሊዘፍኑልን ነው?»

«ስጠኝ ብዬሃለሁ።»

ሰጣት። ሾፌሩ ሞተሩን አጠፋ። እናቴም በአውቶቡሱ ሙሉ ሰው ፊት፣ ካፖርቷን እንደ ቆለፈች፣ ይህን ተናገረች፦ «ያ የሳቃችሁበት ሰውዬ ልጄ ነው። ስሙ ፊንታን ሄሊ ነው። አይጠጣም ነበር። የታመመ ጎረቤቱን ሊረዳ ወጥቶ ነው የቀረው። ድንች በቅቤ ይወድ ነበር። በሉ፣ መልካም ጉዞ።»

ያ የጮኸው ሰውዬ ጫማውን ያያል። ከዚያም ከመካከል የተቀመጠች ደግ ፊት ያላት ሴት ቀስ ብላ እጇን አነሣችና ቀጥሎ የምንቆምበት ቦታ መጸዳጃ ቤት ይኖረው እንደሆነ ጠየቀች። ይኖረዋል ተባለች። ታይግ ማይክሮፎኑን ተቀብሎ «እንዴት ያለ ታሪክ ነው፣ እንግዶቻችን! ጭብጨባ ለእማማ!» አለ፤ አጨበጨቡ። እናቴ ጨዋ ሰው ስለሆነች አመሰገነች። አንዷ እንግዳ አብረን ፎቶ እንነሣ ብላት አብራት ተነሣች። ቀጥለን በቆምንበት ምግብ ቤት የቀረበልን የዓሣ ሾርባ ጥሩ ነበር፤ ሁለታችንም ጨርሰናል። ይህን የምጽፈው በፍርድ እንዳልበድልዎ ነው።

ነገሩ በዚህ ቢያበቃ አላስቸግርዎትም ነበር። ነገር ግን በነሐሴ የከተማው ጎረቤታችን የእህት ልጅ ከባዕድ አገር የመጡ እንግዶች ይዛ በአውቶቡስዎ ሄዳ ነበርና የሰማችውን አጫወተችን። ወጣት ታይግ አሁን መጀመሪያ የሰካራሙን ታሪክ ይናገራል፤ ሰው ስቆ ሲጨርስ ድምፁን ዝቅ ያደርግና «ታዲያ አንድ ቀን፣ በዚህችው አውቶቡስ ውስጥ፣ ፀጉራቸው እንደ አረፋ የነጣ አንዲት እናት ከመቀመጫቸው ተነሡ…» ይላል። ከዚያም የእናቴን ድምፅ እያንቀጠቀጠ ያሰማል። ሰው ያለቅሳል። ልጅቷም አልቅሳለች፤ ስለ እኛ መሆኑን ያወቀችው ካለቀሰች በኋላ ነው። በአንድ ሩብ ሰዓት ውስጥ ሳቁንም እንባውንም ከአንድ ቤተሰብ ማውጣት መቻልዎ ለዘርፉ ምሳሌ የሚሆን ቁጠባ ነው።

በዚያን ጊዜ ነው ይህን ደብዳቤ መጻፍ የጀመርኩት። የመጀመሪያው ረቂቅ እንደዚህ ትሑት አልነበረም። የወንድሜን ነገር ዳግመኛ በአፋችሁ እንዳታነሡ፣ ብታነሡ ግን በሕግ እንደምጠይቅዎ የሚገልጽ ነበር። ጨርሼ ለእናቴ አነበብኩላትና ፈርሚ ብዬ እስክሪብቶውን አቀበልኳት።

እስክሪብቶውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠችው። «አታስቁሚው» አለች።

«እማዬ፣ ይቀልድበታል እኮ! በአንቺም ይቀልዳል።»

«ይቀልድ። ሌላ ማን አለና የሚያነሣው? ማቲ ሞተ። ቄሱም ተቀየሩ፣ አዲሱ አያውቁትም። አንቺና እኔ እንደሆንን አፋችንን ዘግተን በልተን እንተኛለን። ያ ቀባጣሪ ግን በየቀኑ ያነሣዋል።»

«ውሸቱንስ?»

«ውሸቱን ይተው በይው። ስሙን ይጥራ። እኔንም እንደዚያ አያንቀጥቅጠኝ፤ መች ተንቀጠቀጥኩና ነው?»

ስለዚህ ክቡር ሆይ፣ አቤቱታዬን ቀይሬያለሁ። የምንለምንዎ ታሪኩ እንዲቀር አይደለም። አውቶቡስዎ ካሪግሞር ሲደርስ፣ ሰካራሙም ሙሽሪቷም ጨረቃዋም ቀርተው፣ ፊንታን ሄሊ የሚባል ሰው ለጎረቤቱ ሲል ጠዋት ወጥቶ አልተመለሰም እንዲባል ነው። አጭር ነው፤ ከሱፉ ጊዜ ላይ ምንም አይሻማም። እንግዶቹ እንደማይስቁ አውቃለሁ። ምናልባትም አያለቅሱም። ዝም ብለው ባሕሩን የሚያዩ ከሆነ ድርጅትዎ ምን ያህል እንደሚጎዳ ለማስላት የንግድ ዕውቀቱ የለኝም።

ወጣት ታይግን እንዳይቆጡብን። እሱን ከሥራ ማባረር ቀላሉ ነገር ይሆንብዎታል፤ እናቴ ግን ሌላ አስጎብኚ መጥቶ ጭራሽ ሳያነሣው እንዳያልፍ ትሰጋለች።

ጤና፣ ሰላምና በጭጋግ የማይሸፈን የሥራ ዘመን እየተመኘሁልዎ፣ ውድ ጊዜዎን ስለ ወሰድኩብዎ ይቅርታዎን እየለመንኩ፣ ከማይሠራው መጸዳጃ ቤትዎ ጀምሮ ስላደረጉልን ሁሉ ከልብ እያመሰገንኩ፣ ትሑት መንገደኛዎ ነኝ፤

ዴርቭላ ሄሊ
ጎልዌይ

ማስታወሻ፦ እናቴ ለመጪው ሐሙስ ከአስጎብኚው ጀርባ ያለውን መቀመጫ እንድይዝላት አዝዛኝ ወደ ቢሮዎ ደውዬ ነበር። ስልክ ያነሣችው ትሑት ሠራተኛዎ ለልደትና ለመሳሰሉት በዓላት ድርጅትዎ ትንሽ ኬክ እንደሚያዘጋጅ ገልጻልኝ፣ ጉዞው በምን ምክንያት እንደሆነ ጠየቀችኝ። ስልኩን ሸፍኜ እናቴን ብጠይቃት «ልጄን ልጠይቅ ነው በያት» አለችኝ፤ እኔም ነገርኳት። ሠራተኛዎም «እንዴት ደስ ይላል! እዚያ ነው እንዴ የሚኖረው?» አለችኝ። አዎ አልኳት። ኬኩ ተመዝግቦልናል።