ስለ ኖርቬዛ አርማና ስለ ባለቤቴ እጆች፣ ለሴስትራቫ ግሩፕ ሊቀመንበር

ለክቡር ዶክተር ሉዶቪኮ ትራቬርሳ
የሴስትራቫ የመኪና ግሩፕ ሊቀመንበር
ቱሪን

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ሙሉ ጤና፣ የማያቋርጥ እንቅልፍና በረጅም ስብሰባ የማይደክም ወገብ እመኝልዎታለሁ። ከቱሪን በስተሰሜን ባለችው ትንሽ የፋብሪካ ከተማችን የምንኖር ሰዎች የእርስዎን ደኅንነት የምንከታተለው እንዲሁ በፍቅር ብቻ አይደለም፤ እርስዎ ከፍቶዎት የነቁ ዕለት ከእኛ አንድ ፈረቃ እንደሚዘጋ ከብዙ ዓመት ልምድ ስለተማርን ነው።

ስሜ ዴልፊና ግሪባውዶ ይባላል። ሰላሳ አንድ ዓመት የመኪና መቀመጫ ልብስ ሰፍቼልዎታለሁና ፊቴን ባያውቁት ጀርባዎ ሳያውቀኝ አይቀርም። ባለቤቴ ሴኮንዶ ኦጄሮ ደግሞ በመገጣጠሚያው መስመር መጨረሻ ላይ ቆሞ፣ ተሠርቶ ባለቀው መኪና ላይ የስም አርማ የሚለጥፍ ሠራተኛ ነበር። ይህን ደብዳቤ የምጽፈው በእሱ ጉዳይ ነው። እሱ አያውቅም፤ ቢያውቅ ይከለክለኝ ነበር።

ክቡርነትዎ እንደሚያስታውሱት፣ የሚያስታውስልዎት ሰው እንዳለም አልጠራጠርም፣ ግሩፕዎ የአሥራ ሁለት የመኪና ስሞች ባለቤት ነው። ከነዚህ አንዱ ኖርቬዛ እዚሁ እኛ ከተማ የተወለደ ነው። አባቴም የሴኮንዶም አባት ኖርቬዛ ሠርተው ነው ያሳደጉን። እናንተ ስትገዙት ደስ ብሎን ነበር። ቀጥሎ ታልዶ የተባለውን ከወዲያ ማዶ ገዛችሁና ሁለቱን በአንድ መስመር ላይ አሰለፋችኋቸው፤ ሻንሲያቸው አንድ፣ ሞተራቸው አንድ፣ በራቸው አንድ ሆነ። እኔ ጋ ሲደርሱ ኖርቬዛ በቀይ ክር፣ ታልዶ በግራጫ ክር ይሰፋል። ሴኮንዶ ጋ ሲደርሱ ደግሞ ስማቸውን ያገኛሉ። የቀረውን ልዩነት የማስታወቂያ ክፍላችሁ በፎቶግራፍና በሙዚቃ ይጨምርበታል። ለዚህ ታላቅ ጥበብ አክብሮቴ ወሰን የለውም። አሥራ ሁለት ልጆች ወልዶ ሁሉንም አንድ ሸሚዝ እያፈራረቀ የሚያለብስ ወላጅ ቁጠባ ያውቃል።

አሁን ምስጋናዬን በቁጥር ላቅርብ።

አንደኛ፦ ስለ ሳጥኖቹ አመሰግናለሁ። ድሮ አርማዎቹ ስማቸው በተጻፈባቸው ሳጥኖች ይመጡ ነበር። የዛሬ ሁለት ዓመት መጋቢት ላይ ስሙ ጠፍቶ ሁሉም ሳጥን ግራጫ ሆነና ባለ አሥር አኃዝ ቁጥር ተለጠፈበት። ሴኮንዶ ስሙ እንዲመለስ በጽሑፍ ጠየቀ። ከዋናው መሥሪያ ቤት የመጣው መልስ፣ ቁጥር ከስም ይልቅ ቀልጣፋ መሆኑን የሚገልጽ አንድ መስመር ነበር። ከመልሱ ግርጌ የፈረመው ሰው ስም አልነበረውም፤ ቁጥር ግን ነበረው።

ሁለተኛ፦ ስለ ጥቅምት አሥራ ሁለት ቀን አመሰግናለሁ። የዚያን ዕለት ከሰዓት በኋላ አንድ ኖርቬዛ መጣ። ሴኮንዶ የፊቱን አርማ ኮፈኑ ላይ ለጠፈና ለኋላው ሳጥኑን ሲከፍት ውስጡ ያለው ታልዶ ሆኖ አገኘው። ወዲያው የፈረቃ ኃላፊውን ጠራ።

«ይሄ ሳጥን ተሳስቷል» አለው።

«ቁጥሩ ምን ይላል?»

«ቁጥሩ ልክ ነው። ውስጡ ያለው ነው የተሳሳተው።»

«ቁጥሩ ልክ ከሆነ ልክ ነው። ስክሪኑን ተከተል።»

«ሰውዬ፣ ፊቱ ኖርቬዛ ጀርባው ታልዶ ሊሆን ነው እኮ።»

«ሴኮንዶ፣ መስመሩ ቆሟል። በእኔ ላይ አታስጽፍብኝ፤ ለጥፍ።»

ለጠፈ። ማታ እቤት ሲመጣ ነገረኝ። «ነገ ጥራት ቁጥጥር ላይ ይያዛል» አለኝ። ጥራት ቁጥጥር አልያዘውም። ሻጩ አልያዘውም። የገዛው የኩኔዮ የጥርስ ሐኪም አንድ ወር ነድቶት አላወቀም። ያወቀው መኪና አጣቢ ነው። ስፖንጁን ይዞ ሁለት ጊዜ ዞረውና ፎቶ አነሳው፤ ፎቶውን አገር ሁሉ አየው፣ አገር ሁሉ ሳቀ።

እናንተ ግን አልሳቃችሁም። በሦስተኛው ቀን ባለቤቴ «የብራንዱን ማንነት ሆን ብሎ በመጉዳት» ከሥራ መሰናበቱን የሚገልጽ ደብዳቤ ደረሰው። ጡረታ ሊወጣ አሥራ አራት ወር ቀርቶት ነበር። የፈረቃ ኃላፊው ያንን ንግግር እንደማያስታውስ ፈርሞ ሰጠ። ሴኮንዶ ደብዳቤውን ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ዘርግቶ ሁለት ጊዜ አነበበውና «ሆን ብሎ የሚለውን አየሽ?» አለኝ። ሌላውን ሁሉ ተወው። እሱን ያመመው ያ ቃል ነበር።

ከዚያ በኋላ ሰባት ወር እቤት ዋለ። ክቡርነትዎ በዕረፍትዎ ጊዜ ምን እንደሚሠሩ አላውቅም፤ ባለቤቴ ንጋት አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ እየተነሳ፣ ለብሶ፣ የጫማውን ክር አስሮ ወንበር ላይ ይቀመጥ ነበር። «ወዴት ነው?» ስለው «የትም» ይለኛል። የእናንተ መኪና በመንደሩ ሲያልፍ ዞር ብሎ ያየዋል። ታልዶም ይሁን ኖርቬዛ ግድ የለውም፤ ዞር ይላል። በመጨረሻ የሠራተኛ ማኅበሩን ጠበቃ ይዤለት የመጣሁት እኔ ነኝ። እሱ «ይቅር ዴልፊና፣ ሰው ፊት ስሜ ይነሳል» ሲለኝ «ተነስቷል እኮ፤ አሁን መልሰን እናስቀምጠው» አልኩት።

ችሎቱ የዋለው በሰኔ ነው። በእናንተ በኩል ከሦስት ጠበቆች ጋር የመጡት የብራንዶች ዳይሬክተር ዶክተር ጋውዴንዚዮ ፔላ ነበሩ፤ የአሥራ ሁለቱም ስሞች ጠባቂ። አሳምረው ተናገሩ። ኖርቬዛ ነፍስ እንዳለው፣ ታልዶም ሌላ ነፍስ እንዳለው፣ ሁለቱን ነፍሶች በአንድ ገላ ላይ መለጠፍ ደንበኛን ማቁሰል መሆኑን ለሃያ ደቂቃ አስረዱ። እኔም ከኋላ ወንበር ተቀምጬ እነዚያ ነፍሶች ስንት ሜትር ክር እንደሚፈጁ በልቤ እያሰላሁ ነበር።

ዳኛዋ ማሪሊዛ ቦቶ የሚባሉ፣ ድምፃቸውን ከፍ የማያደርጉ ሴት ናቸው። አዳምጠው ሲጨርሱ፣ በሚቀጥለው ቀጠሮ ሁለቱ መኪናዎች አርማቸው ተነስቶ በግቢው እንዲቆሙ አዘዙ። መጡ፤ ሁለቱም ግራጫ፣ ቸርኬያቸው ላይና መሪያቸው ላይ ያለው ምልክት በፕላስተር ተሸፍኖ።

«ዶክተር ፔላ፣ ኖርቬዛውን ያሳዩኝ» አሉ ዳኛዋ።

ዶክተር ፔላ ዞሩ። ጎንበስ አሉ። የአንዱን ትከሻ በመዳፋቸው ዳበሱ። ከጠበቆቻቸው አንዱ ሰማይ ሰማዩን ያይ ጀመር። ሴኮንዶ አጠገቤ ቆሞ «ተይው፣ አትሳቂ፣ ሰውዬው ተጨንቋል» አለኝ በሹክሹክታ። እየሳቅሁ ግን አልነበረም።

«ይሄኛው ነው» አሉ ዶክተር ፔላ። «የገላው መስመር ላይ ክብር ይታያል።»

ዳኛዋ ወረቀቱን አዩ። «ይሄ ታልዶ ነው።»

«ብርሃኑ ነው» አሉ ዶክተር ፔላ። «በዚህ ብርሃን ማንም ይሳሳታል።»

«እርስዎ በቀን ብርሃን፣ ተዝናንተው፣ አሥር ደቂቃ ወስደው ተሳሳቱ» አሉ ዳኛዋ። «ሠራተኛው መኪናውን የሚያየው ለሃምሳ ሰከንድ ነው። ያውም ተናግሮ ነበር።»

እኔ በሩን ከፍቼ ክሩን ባየው በአንድ ጊዜ እለየው ነበር፤ የጠየቀኝ ግን የለም። ሴኮንዶ ወደ ሥራው እንዲመለስ ተፈረደለት። ዶክተር ፔላም ሳይጎዱ አልቀሩም፤ በዚያው ወር የሁለት ፋብሪካዎች ኃላፊነትም ተጨምሮላቸዋልና ሸክማቸው ከብዷል። እግዜር ያበርታቸው።

ሦስተኛ፦ ይህን ምስጋና ሦስት ጊዜ ጽፌ ሦስት ጊዜ ቀድጄዋለሁ፤ ስለዚህ በሥርዓት ባይወጣልኝ ይቅር ይበሉኝ።

ሴኮንዶ ወደ መስመሩ በተመለሰ በስድስተኛው ሳምንት ሁላችንም ወደ ምግብ አዳራሹ ተጠራን። ዶክተር ፔላ ማይክ ይዘው ቆመዋል፤ ከኋላቸው የኖርቬዛ ትልቅ ፎቶ ተሰቅሏል።

«ኖርቬዛ አይሞትም» አሉ። «ከዛሬ ጀምሮ ወደ ትዝታ ይሸጋገራል።»

በሩን የሚገጥመው ኤርሜስ እጁን አወጣ። «ዶክተር፣ ትዝታው በስንት ፈረቃ ነው የሚሠራው?»

አዳራሹ ሳቀ። ዶክተር ፔላም አብረው ሳቁ፤ ቀልዱ በማን ላይ እንደሆነ የገባቸው አልመሰለኝም።

በግቢው አራት መቶ አሥራ ሁለት ያልተሸጡ ኖርቬዛዎች ቆመው ነበር። ለትዝታ በጣም ብዙ ስለሆኑ ታልዶ እንዲሆኑ ተወሰነ። እኔ የሰፋሁት ቀይ ክር እንዳለ ይቀመጥ ተባለ፤ «ልዩ እትም» ይባላል አሉ። አርማውን ግን አንድ ሰው መንቀል አለበት፤ ለዚህም ባለቤቴ ተመረጠ። ማን እንደመረጠው አላውቅም። ክቡርነትዎ ከሆኑ ምናብዎን አደንቃለሁ።

ያን ቀን ሲነግረኝ ገንፎውን እያማሰልኩ ነበር፤ ማማሰያውን ጥዬ «እምቢ በል» አልኩት።

«እምቢ ብልስ?»

«እምቢ ትላለህ፣ አለቀ። ዳኛዋ አሉልን።»

«እኔ እምቢ ካልኩ በስለት ነው የሚፍቁት» አለኝ። «አይቻቸዋለሁ። ቀለሙን ይቧጭሩታል።»

«ይቧጭሩታ። ምን አገባህ?»

ማማሰያውን ከወለሉ አነሳና «ዴልፊና፣ እኔ ነኝ የለጠፍኳቸው» አለኝ።

አሥራ ዘጠኝ ቀን ፈጀበት። በሙቅ አየር ሙጫውን ያለሰልስና ከሥሩ የዓሣ ማጥመጃ ክር አስገብቶ ቀስ እያለ ይጎትታል፤ አርማው እጁ ላይ ይወድቃል። ቀሪውን ሙጫ በጣቱ እያሸ ያነሳል። ኤርሜስ እንደነገረኝ፣ ከእሱ በኋላ ኮፈኑን በመዳፍ ብትዳብሰው የነበረበትን ቦታ አታገኘውም። ማታ ማታ ጣቱ ተልጦ ይመጣ ነበርና በቅባት አሽለት ነበር። አንድ ቀን ብቻ እጁን ከእጄ ሳያወጣ ብዙ ቆየ፤ «ዛሬ የሃያ ስድስት መኪና ነቀልኩ» አለኝ፤ «አንዱም አልተጫረም።» በሥራው ኩራት ተሰምቶት ነበር፤ በኩራቱ ደግሞ አፍሮ ነበር። ሁለቱን ባንድ ላይ ፊቱ ላይ አየኋቸው። ክቡርነትዎ ሆይ፣ ከአርባ ዓመት ሥራ በኋላ ሰውን ይህንን እንዲሰማው ማድረግ ቀላል አይደለም፤ ብቃት ይጠይቃል፤ ግሩፕዎ ብቃት እንዳለው እመሰክራለሁ።

በመጨረሻው ቀን ዶክተር ፔላ ፎቶግራፍ አንሺ ይዘው መጥተው አጠገቡ ቆሙ። «ፈገግ ይበሉ እንጂ» አሉት። ሴኮንዶ «ጥርሴን ያመኛል» አላቸው። አሞት አያውቅም። ባወቅሁት ዘመን ሁሉ ሲዋሽ የሰማሁት ያን ጊዜ ብቻ ነው።

መኪናዎቹ ተሸጡ። ገዢዎቹ ደስተኞች ናቸው አሉ። ሴኮንዶ በየካቲት ጡረታ ወጣ። አሁን ጠዋት አንድ ሰዓት ድረስ ይተኛል፣ ቲማቲም ይተክላል፣ መኪና ሲያልፍ ዞር ማለቱን ትቷል። ይህን ልገልጽልዎ የወደድኩት ለማሳዘን አይደለም። የአሥራ ሁለት፣ ይቅርታ፣ የአሥራ አንድ ስሞች ባለቤት እንደመሆንዎ፣ አንድ ስም ከአንድ ሰው ላይ ሲነቀል ምን ያህል ንጹሕ ሆኖ እንደሚወጣ ማወቅ የሚገባዎት መስሎኝ ነው።

የቀሩት ስሞችዎ ዕድሜያቸው እንዲረዝም፣ ሳጥኖችዎ እንዳይሳሳቱ፣ ዶክተር ፔላም በደህና ብርሃን እንዲመላለሱ እየተመኘሁ፣ በመቀመጫው ሥር ካለው ስፌት እስከ ጣሪያው ድረስ ለዘወትር ታዛዥዎ የሆንኩ፣

ዴልፊና ግሪባውዶ፣ የሴኮንዶ ኦጄሮ ሚስት

ድኅረ ጽሑፍ፦ የተነቀሉት አርማዎች ሊቀልጡ ሲላኩ የእናንተ ቆጠራ አራት መቶ አሥራ አንድ የኮፈን አርማ ማግኘቱን ሰምቻለሁ። ባለቤቴን እንዳትጠረጥሩት፤ እሱ አንድም አልወሰደም፤ «የእኔ አይደለም» ነው ያለው። የሰረቅሁት እኔ ነኝ፤ በጓሯችን ባለው የዶሮ ቤት በር ላይ ለጥፌዋለሁ። ሴኮንዶ ያየው ዕለት ተቆጥቶ ሁለት ቀን አላናገረኝም። በሦስተኛው ቀን ጠዋት ማስመሪያ ይዞ ወጥቶ በሩ ፊት ተንበርክኮ አገኘሁት። ቀና ብሎም ሳያየኝ «ሁለት ሚሊሜትር አዝምመሽዋል» አለኝ፤ ነቅሎም አስተካክሎ ለጠፈው።