ሳይወርዱ መሻገር፦ የእትዬ ድልድይ የሕይወት ታሪክ

አገር ሁሉ «እትዬ ድልድይ» እያለ የሚጠራቸው ውድ አክስታችን፣ ከመካኒክ አባታቸውና ከልብስ ሰፊ እናታቸው፣ ከወንዙ ወዲህ ባለችው በዚህችው ከተማ፣ ከጋራዡ ጀርባ በነበረች ባለ አንድ ክፍል ቤት ተወለዱ። ሕፃን ሳሉ የሞተር ድምፅ ካልሰሙ እንቅልፍ እንደማይወስዳቸው እናታቸው በሕይወት ሳሉ ያጫውቱን ነበር።

ትምህርታቸውን እስከ ሁለተኛ ደረጃ እዚሁ አጠናቀቁ። አብረዋቸው የተማሩ እንደሚመሰክሩት በሒሳብ ጎበዝ፣ በዝምታ ግን ሰነፍ ነበሩ። ከዚያም በመናኸሪያው ትኬት ቆራጭ ሆነው ተቀጠሩ። የትኬት መስኮቷ ከመጥበቧ የተነሣ ሰው የሚያውቃቸው በመልካቸው ሳይሆን በድምፃቸው ነበር። ያንን ድምፅ ለመስማት አንድ ወጣት ሾፌር፣ ሰዓት በእጁ አስሮ፣ «እህት፣ ስንት ሰዓት ሆነ?» እያለ ጠዋት ማታ ሲመላለስ ከረመ። በሃያ አራት ዓመታቸው ከዚሁ ሾፌር ጋር ትዳር መሥርተው ሁለት ሴቶችና አንድ ወንድ ልጅ አፈሩ። ጥሪታቸውን አሟጠውም አንድ አሮጌ አውቶቡስ ገዙ፤ ባለቤታቸው ይነዳሉ፣ እሳቸው ትኬት ይቆርጣሉ።

ወንዛችን የሁለት ክፍለ ግዛቶች ወሰን ነው፤ ሆስፒታሉ ያለው ደግሞ ማዶ ነው። ሰው ጭኖ ድልድዩን ለመሻገር የሁለቱንም ግዛቶች ፈቃድ ይጠይቅ ነበር። ይህ ፈቃድ የነበረው አንድ ትልቅ ኩባንያ ብቻ ሲሆን አውቶቡሱ በቀን አንዴ ማለዳ ይነሣል፤ ከሞላ የቀረ ቀረ ነው። አንድ ቀን የአክስታችን ባለቤት በድንገት ታመሙ። የኩባንያው አውቶቡስ ሄዷል። በገዛ አውቶቡሳቸው ተጭነው ድልድዩ አፍ ሲደርሱ ተቆጣጣሪው ፈቃድ ጠየቀ፤ ፈቃድ የለም። በሰው ትከሻ ተሻገሩ። ማዶ ላይ መኪና እስኪገኝ ግን ጊዜው አለፈ። ሆስፒታሉ በር ላይ አረፉ፤ እዚያው ማዶም ተቀበሩ።

አክስታችን እንባቸው ሳይደርቅ የፈቃድ ማመልከቻ አስገቡ። «ያለው አገልግሎት በቂ ነው» ተባሉ። ይግባኝ ሲሉ ኩባንያው ተቃዋሚ ሆኖ ገባ። የወዲህኛው ቢሮ ወደ ወዲያኛው፣ የወዲያኛው ወደ ወዲህኛው እየመራቸው ዓመታት ነጎዱ። ዘመድ ወዳጅ «ተይ፣ ይቅርብሽ፣ ከትልቅ ጋር አትጋፊ» ቢላቸው፣ «እኔ ማንንም አልተጋፋሁም፤ መንገድ ላይ ተገትሮ የቆመው እሱ ነው» ብለው መለሱ።

እጃቸውን አጣጥፈውም አልተቀመጡም። ሕጉ አውቶቡስን እንጂ እግረኛን አይከለክልም። ስለዚህ ማዶ በሚኖሩት ወንድማቸው ስም ሌላ አውቶቡስ አቆሙ። ተሳፋሪው ድልድዩ አፍ ላይ ይወርዳል፣ በእግሩ ይሻገራል፣ በሁለተኛው አውቶቡስ ይሄዳል። ወንበር ለመያዝ ግፊያ እንዳይኖር ወዲህ ሦስት ቁጥር ላይ የተቀመጠ ማዶም ሦስት ቁጥር ላይ እንዲቀመጥ ደነገጉ። «አትሩጥ፣ ወንበርህ ይጠብቅሃል!» እያሉ የበሽተኛ ጓዝ ተሸክመው፣ ለአሮጊት ጃንጥላ ዘርግተው፣ በዝናብም በፀሐይም ሲመላለሱ ኖሩ። «እትዬ ድልድይ» የተባሉትም ያኔ ነው።

የመጨረሻው ክርክር ማዶ ባለው ፍርድ ቤት በተቀጠረበት ዕለት ዶፍ ይዘንብ ነበር። የኩባንያው ጠበቃ መኪናቸው ተበላሽታ ወደ መናኸሪያ ሲመጡ የደንበኛቸው አውቶቡስ ሞልቶ ሄዷል። አክስታችን ከበሩ ላይ ሆነው፣ «ጌታዬ፣ ሰባት ቁጥር ባዶ ነው፤ ይግቡ እንጂ!» አሏቸው። ጠበቃው እያፈሩ ገቡ። ድልድዩ አፍ ላይም እንደ ሰዉ ወርደው፣ አንድ ታማሚ ሽማግሌን በክንዳቸው ደግፈው፣ በእትዬ ድልድይ ጃንጥላ ሥር ተሻገሩ።

ይህን የሰማው የአክስታችን ጠበቃ መሬት አልበቃው አለ። «እትዬ፣ ከዚህ በላይ ምን ማስረጃ አለ! ገና ስንገባ ነው የምናገረው!» አለ። እሳቸው ግን ቆጣ ብለው፣ «ሰውዬው ተሳፋሪዬ ናቸው። ተሳፋሪዬን አሳፍሬ የማገኘው ፈቃድ ይቅርብኝ። ትንፍሽ ትልና ሌላ ጠበቃ እፈልጋለሁ» አሉት። የዚያን ቀን ከተረቱ ሌላ ይግባኝ እንደሌለ እያወቁ ነው ይህን ያሉት።

የኩባንያው ጠበቃ «ያለው አገልግሎት በቂ ነው» የሚለውን ሊያስረዱ ተነሡ። ዳኛው ግን እስከ ጉልበታቸው በጭቃ የተለወሰውን ሱሪያቸውን አይተው፣ «ምን አገኘዎት?» ሲሉ ጠየቁ። ጠበቃው ወደ አክስታችን ዞሩ። አክስታችን አንገታቸውን ደፍተው የጃንጥላቸውን እጀታ ያሻሹ ነበር። ጠበቃው የያዙትን ወረቀት አጥፈው፣ «ክቡር ዳኛ፣ የደንበኛዬ አውቶቡስ ሞልቶብኝ በእግሬ ተሻግሬ ነው» አሉ። አዳራሹ በሳቅ አወካ። ያልሳቁት ጠበቃውና አክስታችን ብቻ ነበሩ። ፈቃዱም ተፈረደላቸው።

አውቶቡሳቸው መጀመሪያ በተሻገረበት ቀን፣ ድልድዩ አፍ ሲደርስ ተሳፋሪው ሁሉ በልማዱ ጓዙን አንሥቶ ብድግ አለ። አክስታችን በሩን በጀርባቸው ደግፈው፣ «ተቀመጡ! ከእንግዲህ መውረድ የለም!» አሉ። ያኔ ነው ሰው ሁሉ ፊት ሲያለቅሱ የታዩት። ከዚያ በኋላ ሌሎች ባለ አውቶቡሶችም በእሳቸው ፍርድ እየተመሩ ፈቃድ አወጡ። ዛሬ በዚያ ድልድይ የሚያልፍ አውቶቡስ ሁሉ፣ ሾፌሩ ባያውቀውም፣ የእትዬ ድልድይ ዕዳ አለበት።

አክስታችን በልብ ሕመም ሲረዱ ቆይተው ባለፈው ማክሰኞ ጠዋት በሰባ ስምንት ዓመታቸው ከዚህ ዓለም በሞት ተለይተዋል። ከሁለት ሴቶች ልጆቻቸው፣ የእናቱን አውቶቡስ ከሚነዳው ወንድ ልጃቸውና ከልጅ ልጆቻቸው ሌላ፣ እኚያ የኩባንያው ጠበቃም ዛሬ ከሐዘንተኞቹ መካከል አሉ። ሰባት ቁጥር ወንበር ተይዞላቸዋል።

በኑዛዜያቸው መሠረት ማዶ፣ ከባለቤታቸው ጎን ያርፋሉ። የሚሄዱትም በራሳቸው አውቶቡስ ነው። ድልድዩ አፍ ስንደርስ ማንም ከወንበሩ እንዳይነሣ ቤተሰቡ በአክብሮት ያሳስባል።

ለስንቱ ወንበር ሲጠብቁ ለኖሩት አክስታችን ፈጣሪ ከደጋጎቹ መካከል ወንበራቸውን ይጠብቅላቸው።