ሁለት ቀን በቲገን አውቶቡስ

ገነዳ፣ ሴፕቴምበር 16 ቀን 2018

ለምወድህ ልጄ ለግራንት፤

እንደምን ሰነበትክ? ያ ያስቸገረህ ወገብህ ተሻለው ወይ? እኔ ደህና ነኝ። ዝናቡ ዘንድሮም ጨክኖብናል። ጓሮው አፈር መሆኑ ቀርቶ ዱቄት ሆኗል፤ የሎሚው ዛፍ ግን ከየት እንደሚጠጣ እንጃ፣ ፍሬውን እንደተሸከመ ነው። ጎረቤቴ ኖሊን ሰላም በይልኝ ብላለች።

አሁን የምነግርህን ስታነብ ሳትስቅ አትቀርም። ባለፈው ሳምንት ሽርሽር ሄጄ ነበር። አዎ፣ እኔ! አስጎብኚ የሚመራው የሁለት ቀን ጉዞ ነው፤ አንዱ ቀን ባሕር ዳር፣ አንዱ ቀን ተራራ። አባትህ ቢኖር ኖሮ «ባሕሩ የትም አይሄድ፣ ምን አስቸኮለሽ?» ይለኝ ነበር። ዕድሜ ልኩን እንዲህ ሲለኝ ነው፣ ለጫጉላችን አንዴ ካየሁት በቀር ሳላየው የኖርኩት።

ባቡርና አውቶቡስ እያቀያየርኩ ኮፍስ ሃርበር ገባሁ። በማግስቱ ጠዋት አንዲት ትንሽ ነጭ አውቶቡስ ከሆቴሌ በር ላይ ወሰደችኝ። አስጎብኚያችን ቲገን የምትባል ወጣት ናት። ሾፌሯም፣ ሻይ ቀጂዋም፣ ሻንጣ ተሸካሚዋም ራሷ ናት። ከእኔ ሌላ ቨርን የሚባል ጡረታ የወጣ የበግ ፀጉር ሸላችና ሚስቱ ጆይስ፣ እንዲሁም ከሆላንድ የመጡ ዝምተኛ ባልና ሚስት ነበሩ። ቨርን ገና ከከተማው ሳንወጣ ስም አወጣልኝ። ያየሁትን ሁሉ ስለምጠይቅ «ወይዘሮ ለምን» አለኝ፤ እስከ መጨረሻውም በዚሁ ጸናብኝ።

መጀመሪያ የሄድነው ከወደቡ ጋር በድንጋይ ግንብ ወደተያያዘችው የባሕር ወፎች ደሴት ነው። አናቷ ላይ ስንደርስ ሣሩ በሙሉ ጉድጓድ በጉድጓድ ነው፤ ወፎቹ እንደ ጥንቸል መሬት ቆፍረው ነው የሚኖሩት። ቀን ቀን ባሕር ላይ ስለሚውሉ አንዳቸውንም አላየንም። ዓሣ ነባሪ ግን አየን! እናትና ልጅ ናቸው። ልጁ በዘለለ ቁጥር እናቲቱ ቀስ ብላ ትዞራለች። እኔ ያን ያህል ትልቅ ነገር ያን ያህል ቀስ ይላል ብዬ አስቤ አላውቅም።

«ወዴት ነው የሚሄዱት?» አልኩ።

«ወደ ደቡብ፣ ወደ በረዶው» አለች ቲገን። «ልጁን እዚያ ነው ምግብ መፈለግ የምታስተምረው።»

«ወፎቹስ? እነሱም ያስተምራሉ?»

«እነሱ እንኳን አያስተምሩም። ጫጩቱን ያበሉታል፣ ያበሉታል፣ ከወላጆቹ በላይ ሲወፍር ጥለውት ይሄዳሉ። እሱ ጉድጓዱ ውስጥ ይቀራል። ረሃቡ ሲጠናበት ብቻውን ይወጣና ውቅያኖሱን አቋርጦ ይበራል።»

«እነዚህስ መታሰር ነበረባቸው!» አለ ቨርን።

«መንገዱን ማን ነገረው? ኋላስ ከወላጆቹ ጋር ይገናኛል?» ብዬ ጠየቅኩ። ቨርን «ወይዘሮ ለምን ጀመረች» ብሎ ሁሉንም አሳቀ። ቲገን ግን አልሳቀችም። «መገናኘታቸውን የሚያውቅ የለም፣ ኮራል» አለችኝ። «ግን ሲያድግ ተመልሶ ወደዚሁ ደሴት ይመጣል።» ከዚያ ፀጉሯን ከፊቷ ላይ ሰብስባ ወደ ባሕሩ ዞረች። ጆሮዋን አየሁት።

ግራንት፣ እንግዲህ ለምን እንደሄድኩ ልንገርህ።

ፌብሩዋሪ ላይ ኖሊን ይህንኑ ጉዞ ሄዳ ነበር። ስትመለስ ስልኳን ይዛ ወጥ ቤቴ ገባችና ፎቶ አሳየችኝ። ከጉዞ ጓደኞቿ ጋር ፏፏቴ ሥር የተነሱት ነው። መሐላቸው የቆመችው አስጎብኚ አንገቷን ወደ ጎን ዘንበል አድርጋ ትስቃለች፤ ልክ አንተ ትምህርት ቤት በጨረስክበት ቀን በተነሳኸው ፎቶ ላይ እንዳለኸው። ጆሮዋም ያንተ ነው፤ ከላይ በኩል ሾል ያለው። «እናቷ ገነዳ ዳቦ ቤት ትሠራ ነበር አሉ» አለች ኖሊን። «ስሟ ጃኒን ነው።»

ጃኒን ትዝ ትልሃለች? ያቺ ፍቅረኛህ፣ እሁድ እሁድ እቤታችን ምሳ እየበላች ከአባትህ ጋር ካርታ ትጫወት የነበረችው። ድንገት ከተማውን ለቃ ስትሄድ፣ ብዙም ሳይቆይ አንተም ካናዳ ስትገባ፣ እኔ ተጣልታችሁ ነው ብዬ ነበር። ሁለታችሁም ገና ልጆች ነበራችሁ።

ለወራት ያንን ፎቶ በልቤ ይዤ ዞርኩ። የሰው መልክ ይመሳሰላል እያልኩ ራሴን ገሰጽኩ። በመጨረሻ ሄጄ በዓይኔ ልያት፣ አንድ ቃል ሳልናገር አይቻት ልመለስ ብዬ ተነሳሁ። ጉዞው እንዲህ ነው የመጣው።

በዚያ ቀን አሸዋው ዳር የተጠበሰ ዓሣና ድንች በላን፤ አንድ ወፍ የቨርንን ድንች ከእጁ ላይ ነጥቆ ሄደ። እኔ ምን እንደበላሁ አላውቅም። ሹካ አያያዟን፣ ስትሰማ ከንፈሯን እንዴት እንደምትነክስ፣ ጆይስን ክንዷን ይዛ ደረጃ ስታወርዳት፣ ይህን ይህን ሳይ ነበር። አንዳንዱ ያንተ ነው። አንዳንዱ የጃኒን ነው። የብዙው ባለቤት ደግሞ ማን እንደሆነ አላውቅም፤ የራሷ መሰለኝ፤ እሱን ነበር በጣም ለማወቅ የጓጓሁት።

በሁለተኛው ቀን ወደ ተራራው፣ ወደ ዶሪጎ ወጣን። መንገዱ እየተጠማዘዘ ደኑ ውስጥ ይገባል፤ ብርሃኑ አረንጓዴ ይሆናል፤ ብርዱም ድንገት ካፖርት ያስለብሳል። አንድ ዛፍ አሳየችን፣ ቅጠሉ እንደ ልብ ቅርጽ የሆነ፣ ለስላሳ የሚመስል። «እንዳትነኩት» አለች። እንደ ሳማ ይለበልባል፤ የነካውን ሰው ለወራት ያሳምመዋል። ቨርን ጣቱን ሲዘረጋ ጆይስ በቦርሳዋ መታችው። እኔ ካልሲዬ ላይ አልቅት አገኘሁና ከመጮኽ ይልቅ ጎንበስ ብዬ ስመለከተው፣ ቲገን «ሰው ሁሉ ሲያየው ይጮኻል፤ እርስዎ ያጠኑታል!» ብላ ሳቀች።

ከደኑ አናት ላይ አየር ላይ ተንጠልጥሎ የሚወጣ የእንጨት ድልድይ አለ። ጫፉ ላይ ቆመህ ቁልቁል ስታይ የዛፎቹ ራስ ከእግርህ ሥር ነው። ሁላችንም ሄድን። ቲገን መጀመሪያው ላይ ቀረች። ጀርባዋን ለገደሉ ሰጥታ፣ ቀበቶዋን በሁለት እጇ ይዛ፣ በጥርሶቿ መሐል ቀስ ብላ ታፏጫለች። ዜማ የሌለው ፉጨት።

ግራንት፣ ያን ጊዜ ነው ያመንኩት። ጆሮ ይመሳሰላል። ግን ልጅ ሳለህ አባትህ የስንዴ ማከማቻው ማማ ላይ ካልወጣህ ብሎ ሲጎትትህ፣ ቀበቶህን ይዘህ እንዲያ እያፏጨህ መሰላሉ ሥር የቆምከው አንተ ነህ። ይህን እሷን ማን አስተማራት? የድልድዩን አጥር ይዤ ዓይኔን ወደ ሩቅ ተራራ መለስኩ። ጆይስ «ዕይታው ልብ ይነካል አይደል?» አለችኝ፤ እኔም አዎ አልኳት።

ከሰዓት በኋላ ከሁሉ ከፍ ወዳለው መመልከቻ ወጣን። በጠራ ቀን ትናንት የነበርንበት ባሕር ይታያል ይባላል። እኛ ስንደርስ ተራራው በጭጋግ ተሸፍኗል። «እኔ ባሕር ይታያል ተብዬ ነው የመጣሁት!» አለ ቨርን፤ ሌሎቹን አስከትሎ ሻይ ወደተዘጋጀበት መጠለያ ተመለሰ። እኔ ምንም የሌለበትን ነገር ማየት ደስ ስላለኝ አጥሩ ጋ ቀረሁ። ቲገን ሻይ ይዛልኝ መጣችና ከጎኔ አጥሩን ተደግፋ ቆመች።

«እዚህስ አትፈሪም?» አልኳት።

«አዩኝ እንዴ?» አለች አፍራ። «ገደሉ ስለማይታየኝ ነው። የተራራ አስጎብኚ ሆና ከፍታ ትፈራለች እንዳይሉኝ፣ ለማንም አይንገሩብኝ።» ከዚያ ደግሞ፣ «ኮራል፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎ?» አለች።

«ጠይቂኝ።»

«ልጅዎ ከፍታ ይፈራል?»

ልጅ እንዳለኝ ለማንም አልተናገርኩም ነበር። ፊቷን ሳየው ከእኔ ይልቅ እሷ ናት የፈራችው።

«ወንበር ላይ ወጥቶ አምፖል አይቀይርም» አልኳት።

እሷ እኮ ሳቀች! እንባዋ እየወረደ ሳቀች። «እኔም እናቴን ነው የማስቀይራት» አለች። «እናቴ ጣሪያ ላይ ወጥታ ቆርቆሮ ትመታለች። ከማን ወረስኩት እያልኩ ነው ያደግኩት።»

ለካ ለጉዞው ስመዘገብ ስሜን ቢሯቸው ውስጥ ሰምታዋለች። የአባቷንም የእኔንም ስም እናቷ ደብቃት አታውቅም። የዚያ ሳምንት ተረኛ ሌላ አስጎብኚ ነበር፤ ለምና ተቀያየረች። እኔ እሷን ልሰልል ስመጣ፣ እሷ ደግሞ እኔን ልትሰልል መሪውን ይዛ ጠበቀችኝ። ሁለት ቀን ሙሉ በመስታወቱ ታየኝ ነበር።

«ታዲያ ለምን ቀድመሽ አልመጣሽም?» አልኳት።

«እናቴ እርስዎ የሚያውቁ መስሏት ነው። አውቀው የተዉን መስሏት።»

«እኔ? እኔ ባውቅ ኖሮ...»

«እሱ ያውቃል» አለች ቀስ ብላ። «እናቴ ደውላ ነግራዋለች። ስወለድ ፎቶ ልካለታለች። አንዴ ለልደቴ አሻንጉሊት ልኮልኝ ነበር፣ ድብ። ከዚያ በኋላ የለም። እየወቀስኩት አይደለም፣ ኮራል። እርስዎ ሳያውቁ እንዳይቀሩ ብዬ ነው።»

ከወዲያ ቨርን «እናንተ! ጭጋጉን ስትቆጥሩ ኬኩ አለቀ!» ብሎ ጮኸ። ክንዷን ያዝኩ። ክንዷ እንደ እኔ ክንድ ቀጭን ነው። ወደ መጠለያው ስንገባ ጆይስ አየችን፣ አንዴ እኔን አንዴ እሷን አየች፤ ከዚያ ባሏ አፉን ሳይከፍት በፊት ኬክ አጎረሰችው።

ማታ ሌሎቹን ካደረሰች በኋላ ሶቴል በምትባል ከተማ ወዳለው ቤታቸው ወሰደችኝ። ጃኒን ከሥራ ገብታ የታጠበ ልብስ እያጠፈች ነበር። ፀጉሯ ሸብቷል፤ ያው ጃኒን ናት። «አላወቅኩም፣ ጃኒን» አልኳት። ያጠፈችውን ፎጣ አስቀመጠች። «እኔም መጥቼ መጠየቅ ነበረብኝ» አለች። «በሩ ይበርዳል፣ ግቢ።» በላን፤ ካርታ አወጣች፤ ሁለቴ አሸነፈችኝ። ስለ አንተ ክፉ አልተናገረችም። ደግም አልተናገረችም።

ለገና ካልጋሪ አንተ ጋ እመጣለሁ ያልኩህ ቀርቷል፣ ልጄ። ገናን ሶቴል ነው የማሳልፈው። የቲገንን የልጅነት ፎቶዎች ሁሉ አላየሁም፤ የመጀመሪያ ቀን ትምህርት ቤት ማን እንዳደረሳት፣ ጥርሷ ሲወልቅ ምን እንዳለች፣ ለምን አስጎብኚ እንደሆነች ገና አልጠየቅኩም። ብዙ አለብኝ፤ ዕድሜዬ ደግሞ ታውቀዋለህ።

ስልክ ቁጥሯን አልጻፍኩልህም። እሷ ናት እንደዚያ ያለችው፦ «ከፈለገ ይጠይቅዎ። ሳይጠይቅ ግን እንዳይሰጡት።»

ይህን ሁሉ በስልክ ልነግርህ እችል ነበር። ግን አንተን አውቅሃለሁ፤ ዝም ትላለህ። እኔም ዝምታህን አልችለውም፣ ቶሎ ብዬ በረዶው እንዴት ነው፣ ሥራው እንዴት ነው እያልኩ እሞላልሃለሁ። ስንት ዓመት እንዲህ ሳወራህ ኖርኩ! ተቆጥቼ ነበር፣ አልዋሽህም። አሁንም አልፎ አልፎ ይነሳብኛል። ግን ከቁጣዬ ይልቅ፣ ያን ሁሉ እሁድ ስትደውል አፍህ ላይ ደርሶ የተመለሰው ነገር እንዴት ከብዶህ ይሆን እያልኩ አስባለሁ።

ይህ ደብዳቤ ከደረሰህ በኋላ ባለው እሁድ እንደወትሮህ ደውል። ስለ በረዶው አልጠይቅህም። ምንም አልጠይቅህም። ስልኩን ጆሮዬ ላይ አድርጌ፣ የፈለገውን ያህል ይርዘም፣ እጠብቅሃለሁ።

እግዚአብሔር ወገብህን ያበርታልህ፤ ልብህንም ደግሞ። ለብርዱ በደንብ ለብሰህ ውጣ።

የምትወድህ እናትህ፣
ኮራል
የቲገንም አያት