በግማሽ ያነበብኩት መጽሐፍ

ሰኔ 9፣ ጠዋት 1 ሰዓት
ከሌሊት ሺፍት ቤት ገባሁ። እግሬ አብጧል። ባለቤቴ አስቴር ስልኳን ይዛ በር ላይ ቆማለች። የልጃችን የብሩክ የቀኝ ክርን ጅማት ተበጥሷል። ብሩክ የቤዝቦል ኳስ ወርዋሪ ነው፤ በደመወዝ መጫወት ከጀመረ ገና ሁለተኛ ዓመቱ። ቀዶ ጥገና ያስፈልገዋል። ዓመት ሙሉ አይወረውርም። ከዚያ ወዲያም እንጃ።

አስቴር አለቀሰች። ይድናል፣ ወንድ ልጅ ነው አልኳት። ማስታወሻዬ፣ አንተን ግን አልዋሽህም። ብሩክን ምን እንዳልኩት አውቃለሁ።

ሰኔ 10
በግንቦት መጨረሻ ደውሎልኝ ነበር። ክርኑን እየጠዘጠዘው ነው፤ ለአሰልጣኙ ይንገር? እኔ ደግሞ ከቤተ መጻሕፍት የተዋስኩትን መጽሐፍ በመዝገበ ቃላት እየታገልኩ ሳነብ ነው የሰነበትኩት። ቤዝቦል በደመወዝ መጫወት ሲጀመር ስለነበረ አንድ ወርዋሪ ነው። ቡድኑ ሌላ ወርዋሪ አልነበረውም። ዛሬ ወርውሮ ነገም ይወረውራል። ይኸንኑ አወራሁለትና፣ ያ ሰው ክንዴን አመመኝ ብሎ ያውቃል? አልኩት።

እሺ አባዬ አለኝ።

በሳምንቱ ተበጠሰ።

በጥበቃ የምሠራበት ካዚኖ በር ላይ አብሮኝ የሚቆመው ግርማ፣ «ጋሽ ታደሰ፣ ወርዋሪያችን እንዴት ነው?» አለኝ። ደህና አልኩት።

ሰኔ 12
ብሩክ መጣ። ክንዱ ታስሯል። እናቱ ሥጋውን ቆራርጣ ሰጠችው። ሃያ ሦስት ዓመቱ ነው።

ክለቡ ለምን ደበቅህ እያለው ነው። ሕመም መደበቅ ክልክል ነው፤ ሊያሰናብቱት ይችላሉ። አስቴር እኔው ፊት፣ የትኛው ደንቆሮ ነው ዝም በል ያለህ? አለችው።

«ማንም አላለኝም፣ እማ። ማይ ፎልት ነው፤ ጥፋቱ የኔ ነው።»

ወደ እኔ አላየም። እኔ የቴሌቪዥኑን ድምፅ ጨመርኩ።

ሰኔ 13
መጽሐፉን እንደገና አወጣሁ። እውነቱን ልጻፍ፤ ራሴን ነጻ የማወጣበት ነገር ፍለጋ ነው። ሥዕልና ቁጥር የበዛበትን ምዕራፍ ዘልዬው ነበር። ዛሬ አነበብኩት። ያኔ ኳስ የሚወረወረው እጅን ወደ ታች አድርጎ ነው፤ ከወገብ በታች። ርቀቱም አጭር። ብሩክ የሚወረውረው ከትከሻው በላይ ነው።

እስከ መጨረሻውም አላነበብኩም ነበር። የሰውየው ክንድ በጥቂት ዓመት አለቀ። ማበጠሪያ እንኳ በግራ እጁ ነበር የሚይዘው። «አለቀ» ያልኩትን ቃል ተሳስቼ ይሆናል ብዬ መዝገበ ቃላት ገለጥኩ። አልተሳሳትኩም።

ያለ አስተማሪ ተማርኩ እያልኩ ሰው ፊት ስኮራ ኖሬያለሁ። ሳይገባኝ ስዘል ያየኝ የለም።

ሰኔ 14፣ ከቀኑ 5 ሰዓት
ሰኞ ክለቡ ደውሎ ውሳኔውን ይነግረዋል።

አባት ልጁን ይቅርታ ሲጠይቅ አላየሁም። ሽማግሌ ልላክ ብዬ አሰብኩ። ቤቴ ውስጥ ላለ ልጄ! ሽማግሌውስ ምን ብሎ ይጀምራል?

ቆርጫለሁ። ሰኞ ሲደውሉ አጠገቡ እቀመጣለሁ። ዝም በል ያልኩት እኔ ነኝ ብዬ በዚያ በተሰባበረ እንግሊዝኛዬ እነግራቸዋለሁ። ላይሰሙኝ ይችላሉ። አስቴር ግን ዛሬውኑ ትሰማ፣ እሱ ባለበት።

ብሩክ በረንዳው ላይ በግራ እጁ የጫማውን ክር ሊያስር ይታገላል። ጎንበስ ብዬ ላስርለት። እንደ ጎነበስኩ እናገራለሁ፤ ፊቱን ካየሁ አልችልም። አስቴርን ጠራኋት። እጇን እየጠረገች መጣች፤ ምነው እያለችኝ ነው፤ በቃ፣ ብዕሬን አስቀምጬ ልነሳ።