መተማ ላይ የማትሠራዋ ቃል

መምህሬ፣ የኔ ጌታ፤

ወባ አንተን ከነጠቀችን ወዲህ ሁለተኛው የሰሊጥ አጨዳ ገባ። ይህን የምጽፍልህ አንተው በመሠረተ ትምህርት ባስቆጠርከኝ ፊደል ነውና ጽሕፈቴ ቢንጋደድ አትሳቅብኝ። ቤታችን ደህና ነው። ደጃፋችን ላይ ያለውን ራኩባ በአዲስ ሣር አስከድኜዋለሁ፤ ጥላው እንደ ድሮው ነው።

ማዕዳችን ግን ጭር ብሎ ከረመ። አንተ እያለህ የዕለቱን የእንግሊዝኛ ቃል ከነፍቺው ሳይናገር እንጀራ የሚቆርስ አልነበረም። ያውም ሰው የሚያውቀው ቃል ቢሆን ደግ! ፈረንጅ ራሱ የረሳውን ከዚያ ከወፍራሙ መዝገበ ቃላትህ እየቆፈርክ ታመጣብን ነበር። እኔ ወጡ ቀዘቀዘ ብዬ ስነጫነጭ፣ ልጃችን ትርንጎ አፍ አፍህን እያየች ትደግማለች።

አንድ ቀን «አፕሪሲቲ» አልከን፤ በብርድ ወራት የሚሞቋት የፀሐይ ሙቀት ናት ብለህ። እንዴት እንደሳቅሁብህ! በመተማ ምድር ፀሐይ ልሙቅ የሚል ጤነኛ ሰው ከየት ይመጣል?

አንተ ካለፍክ ወዲህ ትርንጎ መዝገበ ቃላቱን ነክታው አታውቅም ነበር። ጎንደር መምህራን ማሠልጠኛ መመደቧ ሲነገራት እንኳ፣ አባቴ የሌለበት እንግሊዝኛ በአፍንጫዬ ይውጣ ብላ አሻፈረኝ አለች። የድካምህ ሁሉ ፍሬ ሜዳ ላይ ሊቀር ነው ብዬ አንጀቴ አረረ። ለምኜ፣ ተቆጥቼ በመከራ እሺ ብትለኝ ሰሊጥ በጫነ መኪና ይዣት ወጣሁ።

ማሠልጠኛው በር ላይ የደረስነው በማለዳ ነው። የጥቅምት ብርድ ያንሰፈስፋል። እሷ ፊቷን አዙራ እንመለስ፣ እንመለስ ትለኛለች። ግድግዳው ሥር ተኮራምተን ሳለ ፀሐይ ብቅ አለችና ፊታችን ላይ አረፈች። ወይ ጉድ! ሰውነቴ ፈታ አለ። አንተ የብርዳሙ የደባርቅ ልጅ፣ ለካ አገርህ ናፍቆህ ኖሯል! ሳላስበው «አፕሪሲቲ» ብዬ ጮህኩ።

ልጅህ ዞር ብላ አየችኝ። ከዚያ እንባዋ እየወረደ ከት ብላ ሳቀች። እንዳንተው ጣቷን ቀስራ፣ የድምፁ ጉልበት «ፕሪ» ላይ ነው እማዬ ብላ አረመችኝ፤ ደጋግማም አስባለችኝ። ሻንጣዋን አንስታ ገባች።

አሁን በየደብዳቤዋ አዲስ ቃል ትልክልኛለች፤ በመጪው ዓመት ታስተምራለች። እኔም በሕይወት እስካለሁ በዚህ ቤት ቃል ሳይነገር እንጀራ አይቆረስም፣ የኔ ጌታ። ዛሬም ራኩባው ሥር ተቀምጬ፣ ላቤን እየጠረግሁ፣ ያችኑ ያንተን ቃል ጮክ ብዬ ተናግሬ በላሁ። ጉልበቱን «ፕሪ» ላይ አድርጌ።