ከሕፃናቱ ክፍል የለቀቅኩት ጋዝ

ውድ አባዬ፣

ጉልበትህ እንዴት ሰነበተ? እኔ ደህና ነኝ ልልህ ነበር፤ ግን አንተን መዋሸት መቼ ይሆንልኛል።

የክፍል ማቀዝቀዣ መጠገን ያስተማርከኝ አንተ ነህ። የተበላሸ ዕቃ ከመቀየራችን በፊት ውስጡ ያለውን ማቀዝቀዣ ጋዝ ወደ ውጭ ለቀህ "አየር ወደ አገሩ ገባ" ስትል እስቅ ነበር። ሥልጠና ላይ ግን ያ ጋዝ ሰማይ ወጥቶ ሙቀት አፍኖ እንደሚይዝ፣ የአንዱ ማቀዝቀዣ ብቻ የመኪና የወራት ጭስ እንደሚያህል ሲነግሩን ሳቄ ጠፋ። ከዚያ ወዲህ በመምጠጫ ማሽን ወደ ሲሊንደር እሰበስበዋለሁ። ሥራው ስለሚጓተት ደንበኞች ይነጫነጫሉ። ባልደረባዬማ ሰማዩን ላንቺ ብቻ ነው እንዴ አደራ የሰጡሽ እያለ ይቀልድብኛል።

ባለፈው ሰኞ ከአንድ ማዋለጃ ክሊኒክ ተደወለልን። የጨቅላ ሕፃናቱ ክፍል ማቀዝቀዣ ቆሟል። የዘንድሮን ሙቀት ታውቀዋለህ። አዋላጇ በካርቶን ታራግባለች፤ አንዱ ሕፃን ማልቀሱም ታክቶት አፉን ብቻ ይከፍታል። አንጀቴን በላው። የተበላሸውን ዕቃ ለመቀየር ጋዙ መውጣት ስላለበት መምጠጫውን ሰካሁት። ትንሽ ሠራና እሱም ሞቆት ቆመ። ቀዝቅዞ ተነሣ፣ ደግሞ ቆመ። ያ የምኮራበት ማሽን የአህያ ባል ሆነብኝ።

"የኔ ልጅ፣ ብዙ ይቆያል?" አለችኝ አዋላጇ።

የጋዙን ቱቦ በመስኮት ወደ ውጭ አውጥቼ በመፍቻዬ ቫልቩን ከፈትኩት። ሲንሿሿ ፊቴን አዞርኩ። ምንድነው ብትለኝ፣ "አየር ነው" አልኳት። ዕቃውን ቀይሬ አዲስ ጋዝ ሞላሁ። ክፍሉ ሲቀዘቅዝ ዕድሜ ይስጥሽ ብላ መረቀችኝ።

ሕፃናቱ ተኙ። ደስ አለኝ፤ ወዲያው አፈርኩ፤ በማፈሬ ደግሞ ተናደድኩ። ጠዋት ስነሣ ልክ ነኝ፣ ምሳ ሰዓት ላይ ጥፋተኛ ነኝ። አንድ ማቀዝቀዣ ምን ያመጣል እላለሁ፤ ሁሉም እንደዚያ እያለ አይደል እዚህ የደረስነው? ከሁሉ የሚያምሰኝ ግን ይሄ ነው፦ ያን ቀን ያቀዘቀዝኩላቸው እነሱ ናቸው፤ ሲያድጉ የለቀቅኩት ጋዝ ዓለሙን የሚያሞቅባቸውም እነሱው ናቸው።

መልስ ስትጽፍልኝ አይዞሽ አትበለኝ። አንተ ብትሆን ምን ታደርግ እንደነበር ንገረኝ። ደብዳቤህ እስኪደርስ ግን ሥራው አይጠብቀኝም፤ ክሊኒኩ ለሌላ ክፍል ነገ ጠርቶኛል። መምጠጫውን ይዤ እሄዳለሁ። መፍቻውንም ይዤ እሄዳለሁ።

ግራ የገባት ልጅህ